ስምንት ቀጠሮ

ከሪፈራሉ ጀርባ፣ የጋሪ መጋዘን በነበረች ክፍል
ሁለት ወንበር አለ፣ አንድ ፓኮ ሶፍት፣
ከበሩ በላይ ሰዓት፣
ሰው ሲያለቅስ እያየ ደቂቃ የሚከፍል።

"ስምንት ጊዜ ብቻ" አሉኝ ዶክተር ትርሲት፤
"ከቁስሉ አንዱን ምረጪ፣ ሌላውን ተዪለት።
በሩን አሳዪውና ዘወር በይ ከደጁ፤
ቤቱን ልጥረግ ካልሽው
አንቺም ታረጃለሽ፣ እሱም ከነልጁ።"

እኔ የወልድያ ልጅ
መጽሐፌን በላስቲክ ሸፍኜ፣ ጥያቄ በቁጥር ደርድሬ፣
ሐዘንን ከአንድ እስከ ዐሥር
ልለካ መጣሁ ሐዋሳ፣ መንገድ ላይ አንድ ቀን አድሬ።

መጀመሪያ መሰለች፣ የቦዲቲዋ፣
ከኢንዱስትሪ ፓርኩ፣ የሌሊት ፈረቃ ጨርሳ፤
ቀኝ እጇ ደንዝዟል፣ ምርመራው ሁሉ "ምንም የለም" ይላል፤
ጸጉሯ ላይ የሸሚዝ ክር፣ እሷ ሳታውቀው፣ እኔም ሳላነሣ።
"ጭንቀትሽ ከአንድ እስከ ዐሥር ስንት ነው?" ስላት
"በሰዓት ስልሳ ኮሌታ" አለች፣
ኮታዋን የጠየቅኳት መስሏት።

ቀጥሎ ሙደሲር፣ የቆርቆሮ ነጋዴ፣
ደረቱን ይዞ ገባ፣ ዐይኑ መርፌ ፈልጎ፤
"ወሬ ነው እንዴ?
ወሬማ ሱቄም አለ፣ ያውም ከነሻዩ!"
ግን አልሄደም፤ ተቀመጠ፣ ጫማውን አውልቆ።

ከዚያ ካያሞ መጡ።
ዓሣ አስጋሪ ናቸው፣ ጀልባቸው አሞራ ገደል፤
ልጃቸው ከነመረቡ ሐይቁ ውስጥ ከቀረ
ዓመት ሊሞላ ነው።
በሲዳሙ አፎ ሩብ ሰዓት ተናገሩ፤
እጃቸው ቀዘፈ፣ ድምፃቸው ወረደ፣ እንደገና ወጣ፤
ጸጥ ሲሉ
አስተርጓሚዬ ቡኔ ጉሮሮውን ጠርጎ
"አዝኛለሁ ነው የሚሉ።"
ሩብ ሰዓት ሙሉ!

ሁለተኛው ቀጠሮ፣ ሦስተኛው፣ እኔ ወደዚያ ሌሊት፣
እሳቸው ስለ ላም፣ ስለ እንሰት፣
ስለ ወንድማቸው የድንበር ሙግት።
"ይሸሻሉ" ብዬ ጻፍኩ፣
ከሥሩም አሰመርኩ።
ዶክተር ትርሲት አነበቡና መነጽራቸውን አወለቁ፤
"እሳቸው ናቸው የሸሹት፣ ወይስ አንቺ ነሽ የሮጥሽ?
እናንተ አገር ልቅሶ ቤት የገባ፣ ሳይቀመጥ ነው
'እንዴት ሞተ?' የሚልሽ?"

በአራተኛው፣ ጥያቄዬን ቦርሳ ውስጥ ተውኩት።
ካያሞ ቀና አሉ፤ እኔን፣ ቡኔን፣ ባዶውን ግድግዳ እንኳ ሳይቀር አይተው
"አፊኒ?" አሉ።
ቡኔ ሊያሳጥር አፉን ከፍቶ፣ መልሶ ዘጋው።
"ይህቺን አንድ ቃል ግን" አለኝ፣ "ቀስ ብዬ ልንገርሽ፤
ሽማግሌ ሸንጎ ሲቀመጥ፣ ነገር ከመነሣቱ በፊት
'ሰምታችኋል ወይ?' ብሎ ይጠይቃል፤
ያልሰማ ካለ
ነገሩ ቆሞ ይጠብቃል።"
ለካ ሦስት ሳምንት ሙሉ ላሙ፣ እንሰቱ፣ ድንበሩ
መቀመጫ ማንጠፍ ነበር፣ ሸንጎ ማሟላት፤
ልጁ ያደገበትን ደጅ ሳላውቅ
ሞቱን በየት በኩል ልስማለት?

"አልሰማሁም" አልኩ። "ይንገሩኝ።"
ያን ቀን ሰዓቱን አላየሁትም።
አይ፣ አይቼዋለሁ፤ ሃያ ደቂቃ አልፎ ነበር፣
ሙደሲር በር ላይ ቆሞ ያስል ነበር።

ስምንተኛው መጣ። ዳኑ አልል፣ አልዳኑም አልል፤
ሦስት ሌሊት ተኝተዋል፣ ጀልባቸውን ቀለም ሊቀቡ አስበዋል።
ከመሰለች ጣቶች ሁለቱ ነቅተዋል።
ፋይሉ ላይ የሚያርፍ ማኅተም አለ፣ "ተጠናቋል" የሚል፤
ቀለሙ ስለደረቀ ሁለት ጊዜ መታሁት።

ደንብ አለን፤ ታካሚ መንገድ ላይ ካገኘሽ፣ እሱ ካልቀደመ
ሰላም አትይውም፣ ምስጢሩ እንዲጠበቅ።
እኛ ቤት ሰው አይቶ ማለፍ
ከስድብም ስድብ ነው፣ ከመናቅም መናቅ።
እሑድ ማለዳ፣ አባ ኮዳ ከሰው ጋር በተሰለፈበት
የዓሣ ሾርባ ወረፋ ላይ
የካያሞን ጀልባ፣ አዲስ ሰማያዊ፣ ውሃው ላይ ሳይ
አንገቴን ደፋሁ፣ ደንቤን ይዤ።
እሳቸው ግን መቅዘፋቸውን ገትተው
ሰው ሁሉ እየሰማ፣ ከሐይቁ ላይ ጮኸው
"አፊኒ!" አሉ።
ወፉ በሙሉ ተነሣ።
"ሰምቻለሁ" አልኩ፣ ቀስ ብዬ፤
ማን እንደሰማኝ እንጃ።