የጨው ጆሮዎች

ባሕሩ ሲሸሽ ጊዜ ከሙይናቅ ወደብ፣
ማንም አልነገረው ለተጣለው መረብ፣
ማንም አልነገራት ለቆመችው መርከብ።
ዛሬ አሸዋ ነው፤ ጨው ነው፤ ቁጥቋጦ ነው፤
በመርከቧ ጥላ ግመል ነው የሚተኛው።
የዓሣ ፋብሪካው በሩ ተገንጥሎ፣
ነፋስ ብቻ ይገባል፣ «ፈረቃዬ ነው» ብሎ።
እኛም ውሃው ሲጎድል ቀን ጎደለ አልን፣
ቀን የማይጎድልባቸውን በሌሊት እያየን።

ቱዝኩላቅ እንላቸዋለን፤ የጨው ጆሮ ማለት፤
መዳፍ የምታህል ገላ፣ ዓይን ያልተፈጠረላት፣
ከራሷ እስከ ጅራቷ ጆሮ የሞላባት።
የሚሰሙት ግን ድምፅ አይደለም፤
ጮኸህ ብትጠራቸው ዘወር የሚል የለም።
የሚሰሙት ጊዜን ነው።

ለእኛ ቀን መንገድ ነው፤ ያለፍነው ከኋላ፣
የሚመጣው ከፊት፣ ዛሬ እንደ ኬላ።
ለነሱ ቀን ውሃ ነው፤
ትናንት ከታች ይቀዘቅዛል፣ ነገ ከላይ ይሞቃል፤
የጠለቀ ሁለቱንም በአንድ ትንፋሽ ያውቃል።

ፀሐይ ስትገባ ከጨው ቅርፊት ሥር ይነሣሉ፤
ያለ ክንፍ፣ ያለ ውሃ፣ ወደ ላይ ይቀዝፋሉ፤
ከመርከቧ ጭስ መውጫ ጫፍ ሲደርሱ ይቆማሉ።
ከዚያ በላይ ስንዝር የለም።
መረብ ጠጋኙ ፔርደባይ በገመድ ለካው፣
ዐሥራ ስድስት ክንድ። ደግሞ ለካው።
«የድሮው የውሃ ልክ ነው» አለ፤ ቃል አልጨመረ፤
በማግስቱ ማታ ግን መረቡን ተሸክሞ ወጣ፤
አየር ላይ ወረወረው፤ ጎተተው፤ ባዶውን መጣ።
እጁ ግን እስከ ክርኑ ርሶ ነበር፤
ይህን የማለልኝ ልጁ ኦራዝ ነው፤ እኔ አልነበርኩም ያን ጊዜ በስፍራው።

እኛን ልጆቹን የገረመን ሌላ ነው።
ከሦስተኛዋ መርከብ በስተግራ
አንድ ቦታ ነበር፤ ድንጋይ የለበት፣ እሾህ የለበት፤
መንጋው እዚያ ሲደርስ ለሁለት የሚከፈልበት፣
ምሰሶ እንዳገኘ ዓሣ ዞሮ የሚገጥምበት።
ባዶው የሰው ቅርጽ አለው፤
ግራ ትከሻው ዘንበል ያለ።
«የሰመጠ ሰው ነው» አልን፤ «ጋኔን ነው» ያለም አለ።
እዚያ ሊቆም የደፈረ ግን አልነበረም።
ሰባት ዓመት።

ቢቢናዝ በፋብሪካው ክዳን አሻጊ ነበረች፤
ሠላሳ ዓመት ያንን ማሽን በአንድ እጅ ስትጫን፣
ግራ ትከሻዋ ወርዶ ቀረ።
ወንድሟ ታዥሙራት ባሕሩን ተከትሎ ሄዷል፤
«ደርሼበት እመለሳለሁ» ብሎ፣
ያንን ረጅም ቁመቱን ይዞ፣ ባርኔጣውን ደፍቶ።
ደረሰበት ይሆን? ማን ያውቃል።

አንድ ማታ፣ በረዶ ሊጥል ሲል፣ ቤቷን ሳትዘጋ ወጣች፤
ሳታመነታ ሄዳ፣ ከሦስተኛዋ መርከብ በስተግራ ቆመች።

ገጠመ።
እንደ እግር ከገዛ ዱካው።
በመንጋውና በትከሻዋ መካከል ፀጉር የሚያሾልክ ክፍተት አልቀረ።
ለካ ሰባት ዓመት የዞሩት የሞተ ሰው አልነበረም፤
ገና ያልመጣችውን ቢቢናዝን ነበር፤
እሷ እንኳ ሳታስበው፣ እዚያ ቆማ ነበር።

ስትመለስ፣ «ምን ሰማሽ?» ብለን ከበብናት።
ጫማዋን አወለቀች፤ አሸዋውን አራገፈች።
«ገና ነው» አለች።
ምኑ እንደሆነ አልጠየቅናትም።

ቢቢናዝ ካረፈች ይኸው ዐሥራ አንድ ዓመት፤
መንጋው ዛሬም ይዞራታል፣ ሳይነካት።
ባለፈው ሳምንት በጭነት መኪናዬ ሳልፍ አየሁ፤
ከባዶዋ አጠገብ ሌላ ባዶ ተከፍቷል፤
ረጅም ነው፤ ባርኔጣ ደፍቷል።
መንጋውም ያን ማታ የመርከቧን ጭስ መውጫ አለፈ፤
ሁለት ክንድ፣ ምናልባት ሦስት።
ውሃ አላየሁም፤ አሸዋው አሸዋ ነው።
ግን እንደ ሞኝ፣ ማንም ሳያየኝ፣
የመኪናውን መስኮት እስከ ጫፉ ዘጋሁ።