ከሐይቁ ነው

ሺምብጥ። መብራት ጠፍቷል፤ በሻማ ፈተና አርማለሁ፣
ስድሳ ሁለት ወረቀት፣ አንድ ቀይ እስክሪብቶ ይዣለሁ።
"ከ" መነሻን ታሳያለች ብዬ አስተምሬ ነበር፣
ምሳሌውንም ጽፌ፦ ከጎርጎራ እስከ ባሕር ዳር።
ጥያቄ ቁጥር አራት፦ በ"ከ" ዓረፍተ ነገር ሥሩ።
ሠሩ። ከገበያ መጡ፣ ከዛፍ ወረዱ፣ ከዱርቤቴ ተሻገሩ፤
ይታይሽ አስናቀው ብቻ፣ ዘጠነኛ "ሐ"፣ የጻፈችው ይህን ነው፦
አባቴ ከሐይቁ ነው።

ደግሜ አነበብሁት። ግሡ የት ገባ? መጣ? ወጣ? ተመለሰ?
እስክሪብቶዬ ከጎኑ "ያልተሟላ" ብሎ ጨረሰ።
ሻማውን እፍ ብዬ ተኛሁ።
የትክክለኛ ሰው እንቅልፍ።

በማግሥቱ ወረቀቷን ይዛ ከጠረጴዛዬ ቆመች።
(ከጠረጴዛዬ! እዚህ ላይ "ከ" ከየት ተነሣች?)
"መምህር፣ ምንም አልጎደለው፤ እናቴ ስትል የሰማሁት ነው።
ጎረቤት 'አስናቀው የት አለ?' ሲላት፣ 'ከሐይቁ ነው'፤
ቀና አትልም፣ የቀረሶውን ቅርፊት እየፋቀች።
ታንኳው እምቦጩ መሐል ተገኘ፣ ጥምቀት ያለፈ ሰሞን። መረቡም።
እሱ አልተገኘም። እሷ ግን አንድ ቀን 'ነበር' አላለች፤
ዛሬም 'ነው' ነው የምትል።" ይህን ብላ ዝም አለች።
ቀይ ቀለም በላጲስ አይለቅም፤ ሞከርሁ፣ ወረቀቱ ተቀደደ፤
ከሰዓት በኋላ እግሬ ሳላዘው ወደ ውኃው ወረደ።

ሽማግሌው እንድሪስ ደንገል ያስራሉ፣ ገመዱን በጥርስ ነክሰው።
"እያንዳንዱ ደንገል ብቻውን ይንሳፈፋል፤ ግን አይሸከምም ሰው።
ሰው የሚሸከመው እሥሩ ነው፤ እሥሩን ደግሞ" አሉኝ፣ "የተቀመጠበት አያይም።"
እኔ ሰሌዳ ላይ መስተፃምር እለዋለሁ፤ እንዲህ ግን አጥብቄ አላውቅም።

ከዚያ ቀን ወዲህ ጆሮዬ ታመመ።
"ስለ ልጆችሽ!" ይላል የጊዮርጊስ ደጅ ለማኝ፣ እጁን ዘርግቶ፤
"ስለ ልጆችሽ…" ትላለች ባጃጅ ውስጥ ሐሜተኛ፣ ድምፅዋ ዝቅ ብሎ።
አንዷ "ስለ" ሳንቲም ታወጣለች፣ አንዷ እንባ።
"እንደ አባቷ ትዋኛለች" ይላሉ ይታይሽን፤
"እንደወጣ ቀረ" ይላሉ አባትየውን።
ያችው "እንደ"፤ እዚያ ታመሳስላለች፣ እዚህ በር ትዘጋለች።
ከተማችንም ባሕር ብላ ዳር ትላለች፣
በመሐሉ "የ" እንኳ የለ፤ ክረምት ውኃው ከመንገዱ ሲደርስ
ማንኛው ባሕር ማንኛው ዳር፣ የሚለይ የለም እስኪመለስ።

ሐሙስ ደግሞ "ም"ን አስተማርሁ። እኔም፣ አንተም፤ ትጨምራለች አልሁ።
ይታይሽ እጇን አወጣች፦
"'አልመጣም' ላይ ምን ትጨምራለች?"
ደወሉ አዳነኝ።

ትናንት ሊመሽ ሲል በጀልባዎቹ ማሰሪያ በኩል አለፍሁ።
እናትየዋ ከዳር ቆማለች፤ ስሟን እስከ ዛሬ አልጠየቅሁ።
ትንሹ ልጅ ውኃው ውስጥ፣ ከአንገቱ በላይ ብቻ ይታያል።
"ውብአንተ! መሽቷልና ና!"

ሁለት "ና"። የፊተኛዋን አስተምራለሁ፤ ዓረፍተ ነገር ታያይዛለች፤
የኋለኛዋን ማን ያስተምራታል? ጉሮሮ ትልጣለች።

ልጁ ወጣ፤ ውኃው እየተንጠባጠበ፣ ጥርሱ እየተንገጫገጨ፣
መጥቶ አጠገቧ ቆመ፣ የነጠላዋን ጫፍ ያዘ።
እሷ ፊቷን አልመለሰችም።
ዝቅ ባለ ድምፅ፣ ደግማ፣ ወደ ሐይቁ፦
"ና።"