ብዙኃኑ ኀ፣ ንጉሡ ሠ

መሐል ሜዳ ላይ፣ ከማዘጋጃው ጀርባ፣
አንዲት ክፍል አለች፣ ፀሐይ አርፍዳ የምትገባባት፤ ገና ሳትሞቅ የሚመሽባት።
ወንበሩን ተረከብሁ፣ ማኅተሙን፣ መዝገቡንም ከነአቧራው፤
ከእኔ በፊት የነበሩት አቶ ወንድይፍራው
ጡረታ ሲወጡ ያልነገሩኝ ነገር
በመዝገቡ ኅዳግ፣ በቀይ እስክሪብቶ፣ ተጽፎ ነበር።

የሰውን ልደት ከመሐል ጽፈው፣
የወሩን ልደት ከዳር አሳርፈው፦
«ኅዳር፦ ኀደረ፤ አደረ፣ ሰነበተ።
የካቲት፦ ከተተ፤ ከአውድማ የተረፈውን ጎተራ ከተተ።
መጋቢት፦ መገበ» ይሉና ወረድ ብለው፣
«ሁዳዴ ነው እኮ፤ ማን ማንን መገበ?» ሣቃቸውን ጥለው።
«ሰኔ፦ ሠነየ፣ አማረ የሚሉ አሉ፤
እኔ የማውቀው ጭቃውን ነው» ይላሉ።
ሐምሌ ላይ «ሐመልማል?» ብቻ፣
እንደ ጎረቤት በር የሚያንኳኳ፣ ጥያቄ ምልክት መጨረሻ።

ታኅሣሥ ላይ ግን ቀልድ የለም።
«ኀሠሠ፤ ፈለገ» ይላል፣ በረጋ ቀለም፤
ከሥሩ ሁለት ጊዜ ተሰምሮበታል፣
እስክሪብቶው ወረቀቱን ወግቶ ወደሚቀጥለው ገጽ ዘልቋል።
ለምን እንደሆነ አላወቅሁም።
አልጠየቅሁም።

ትናንት፣ ውርጩ ገና ከቆርቆሮው ሳይወርድ፣
አንዲት ልጅ ገባች፣ ከንፈሯን የሰነጠቀው ብርድ፣
ባና ደርባ፣ ለመታወቂያ።
«ስም?»
«ጠብቂው።»
«የአባት?»
«አጥላባቸው።»
«የትውልድ ወር?»
«ታኅሣሥ።»
«አባትሽ በሕይወት አሉ ወይስ ዐርፈዋል?»
ሳጥኑ ሁለት ነው፤ አንዱን መንካት ይበቃል።
ዝም አለች። ጫማዋን አየች። ከዚያ ጀመረች፤
የሰማችውን እንጂ ያየችውን አልነገረች፦

«በርበሬ ሊሸምት ማጀቴ ወርዶ ነበር።
በሦስተኛው ቀን ምሽት፣ ጉም ከገደሉ ሥር ሲነሣ፣
አህያዋ ብቻዋን መጣች፣ ከነጭነቷ፤ ገመዱ እንኳ አልላላ።
እናቴን ምጥ ያዛት፤ ሴቶቹ ከእሷ ቀሩ፣
ወንዶቹ ችቦ ለኩሰው ጓሳውን ሲዞሩ አደሩ።
ከደጅ ስሙን ይጠራሉ፣
ከቤት እኔ አለቅሳለሁ አሉ፤
የቱ ድምፅ የቱን እንደመለሰ የሚያውቅ የለም።
ሦስት ቀን አሰሱት። አራተኛው ቀን ስም አወጡልኝ።
ከፊት የመራቸው አብሮ አደጉ ነበር፣ የዚህ መሥሪያ ቤት ጸሐፊ፤
ዛሬም፣ ጉልበቱ እምቢ እያለው፣ ታኅሣሥ ሲብት ጓሳ ወጪ፣ እሱ ነው ፈላጊ።»

ወደ መዝገቡ አላየሁም።
ማየት አላስፈለገኝም።

ኮምፒዩተሩ ወሩን ራሱ ሞልቶ ቆየኝ፦ «ታህሳስ»፣
በሃሌታው ሀ፣ በእሳቱ ሰ።
ከቃሉ ውስጥ ፍለጋው ፈሰሰ።
ማንም አይቆጣም፤ አንባቢ ያው ወር ነው ይላል፤
እኔም እስከ ትናንት እንዲያው ስጽፍ ኖሬአለሁ፣ ምን ይሰማኛል!
አጠፋሁት።
በብዙኃኑ ኀ፣ በንጉሡ ሠ ደግሜ መታሁት፤
ታን ከፊት ሲያነሡ ኀሠሠ ይቀራል፣
ሰው ደክሞ ሲገባ ቃሉ ችቦ ይዞ ያድራል።

ከሁለቱ ሳጥን አንዱንም አልነካሁ።
«ሌላ ካለ ይገለጽ» ከሚለው መሥመር ላይ፣
አታሚው ካወጣው በኋላ፣ በእጄ፣ በቀይ፣
«ይፈለጋል» ብዬ ጻፍሁ።
ማኅተሙን እፍ አልሁበት፤ በብርድ ቀለሙ አይዝም።

«አለቃዬ ቅጹ ጎደሎ ነው ብሎ ይመልሰው ይሆናል» ስላት፣
«ይመልሰው» አለች፣ ባናዋን እየሳበች እስከ አንገት።
ስለ ቅጹ ይሁን ስለ ሌላ፣
አልጠየቅኋት።