የሠርጉ ሳህን

ቱሪን፣ ከወንዙ ዳር፣ ከጋራዡ ጀርባ፣
ጣራው የመስታወት፣ ፀሐይ እንዲያስገባ፤
እናትና አባቴ እዚያ ነበር 'ሚጣሉ፣
በቀን አራት ጊዜ፣ በደሞዝ፣ በውሉ።

አባቴ ኤርሜቴ፣ ጢሙ የረገፈ፣
የግድግዳ ወረቀት ሲለጥፍ፣ ራሱን የለጠፈ፤
እናቴ ዛይራ፣ ክንደ ፈርጣማዋ፣
ሳህን ስትወረውር አናቱ ዒላማዋ።
አማቲቱን የምትጫወት የገዛ አማቱ ነበረች፤
ደሞዝ ሳትጠይቅ፣ በጃንጥላዋ፣ በነፃ ገረፈች።
እኔማ ያ በመስኮት የሚወረወረው ሕፃን ነኝ
(ካሜራው ቆም ሲል በጨርቅ አሻንጉሊት ተተካሁኝ)።

ዐሥር ዓመት አለፈ። ስቱዲዮው ጎማ ማከማቻ ተባለ፤
አባቴ የትራም ትኬት ቆራጭ፤ ጢሙም የምር በቀለ።

አንድ እሑድ በደብሩ አዳራሽ ነጭ አንሶላ ወጠሩ፣
ያንኑ አሮጌ ፊልም እያንቋቁ ሊያዞሩ።
አጠገቤ ኦቲልያ፣ ቆብ ሰፊዋ ጎረቤታችን፤
ጆሮዋ አይሰማም፤ በጣት ነው ወጋችን።

አዳራሹ ሲስቅ እሷ ዝም ትላለች፤
ሁሉ ዝም ሲል ግን ተንከትክታ ሳቀች።

«ምን ሆንሽ?» አልኳት በጣቴ።
«ጽሑፉ ውሸታም ነው። እኔ ከንፈር ነው የማየው።»

ጽሑፉ፦ «አንተ ከሃዲ! ዛሬ ደምህን እጠጣለሁ!»
የእናቴ ከንፈር፦ «ትኩሳቷ በረደ። አሁን ዳስሻት መጣሁ።»
ጽሑፉ (አባቴ ተንበርክኮ)፦ «ማሪኝ! ዳግመኛ አልጠጣም!»
ከንፈሩ፦ «ኪራዩን ነገ እሰጣለሁ፤ ገንዘብ ያዡ አልመጣም።»

ከዚያ እናቴ ሳህን አነሳች።
ክንዷ አየር ላይ ቆመ። ሳህኑን ገልብጣ አየች።
ሰው ሁሉ ቀልድ መስሎት ፈነዳ።
የኦቲልያ ጣቶች ግን ተጣደፉ፦
«ይሄ የኔ ነው! የሠርጌ ነው! ከቤት ሰርቀህ አመጣኸው?»
«የስቱዲዮው አልቆ እኮ ነው፣ ዛይራዬ፣ አንድ ብቻ ነው…»

ወረወረችው።
አባቴም ከልቡ ሮጠ።
እንደዚያ ሲሮጥ በሌላ ፊልም አይቼው አላውቅም።

ማታ ገበታ ላይ ቆጠርኩ፦ ሰማያዊ ጠርዝ ያላቸው አምስት፤
ስድስተኛው ተራ ነጭ፣ ሁልጊዜ ለአባቴ የሚቀርብለት፤
ዐሥር ዓመት ሙሉ፣ አንዲት ቃል ሳትናገር።
ሾርባውን ጨረሰ። ሳህኑን ልታነሳ እጇን ስትዘረጋ፣
እሱ አንገቱን ሰበር።