«ይቅር» የሚል ቁልፍ

ከሌሊቱ ሰባት፣ ቆርቆሮውን ነፋስ ሲደበድበው፣
የሁለት ዓመት ሥራ በአንድ ጣት ለቀቅኩት፣ ይውጣ ወደ ሰው።
ሰማይ አልተቀደደ። የሰፈሩ ውሻ
አንዴ ቀና ብሎ ተመለሰ ወደ ቆሻሻ።
ቆጣሪውን አየሁ፦ ተጠቃሚ፣ አንድ!
ልቤ ዘለለች። ለካስ
እኔው ነኝ፣ በአሮጌው ስልኬ የገባሁ፣ በጓሮ መንገድ።

ባለሀብት አጎት የለኝ፣ አበዳሪ የለኝ፤
ከመናኸሪያ ፖስታ ቤት አራት ዓመት ያበላኝ
ባጃጄን ሸጥኩና ገዛሁ ኮምፒውተር፣
የተረፈችውን በላት የሰርቨር ኪራይ፣ በዶላር ሲቆጠር።
እናቴን «ልጅሽ ምን ይሠራል?» ሲሏት
«ቤት ነው» ትላለች፣ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ በሽተኛ እንዳላት።

ሲነጋ አሳተምኩ ወረቀት፣ መቶ ሃምሳ፦
«አይረሴ! የዱቤ መዝገብ፤ አይጥ የማይበላው፣ ምንም የማይረሳ።»
አይጥማ አልበላውም።
ፍራንኮ ላይ ስደርስ ያ የአዳማ ነፋስ፣ አቧራውን አዝሎ፣
ግማሹን ለመስጊድ፣ ግማሹን ለቦዩ አደለው፣ ከእጄ ላይ ፈንቅሎ።
ከጋራው ላይ ቆመው ነጫጮቹ ተርባይኖች
ያንኑ ነፋስ ይዘው መብራት ይፈትላሉ፤
እኔ ወረቀቴን አባርራለሁ፣
ሊስትሮዎች ይስቃሉ።

አንዷ «ስንት ነው?» አለች። «ለጊዜው ነጻ ነው» ብዬ ስመልስላት
«ነጻ ነገር በኋላ ነው የሚያስከፍል» ብላ
ዞረች ወደ ሚዛኗ፣ ስኳር ሲጠብቃት።
ሌላው «ከገቢዎች ነህ?» ብሎ መዝጊያውን ገርበብ አደረገ።
ሦስተኛው ጫነው፤ ከሰዓት አጠፋው፣
ለልጁ የሰርግ ቪዲዮ ቦታ ፈለገ።

አቶ ሙዘይን ግን፣ ከመብራት ኃይል በታች፣
በርጩማ ገፋልኝ። ደብተሩ ወጣች፣
ዘይት የጠጣች፣ በላስቲክ የታሰረች።
«ተመልከት» አለኝ። «ወይዘሮ አመተማርያም፤ ሰባት መቶ አርባ።»
ቁጥሩ ላይ ቀይ መስመር። «ግንቦት ላይ ቀበርናት።
ይሄኛው ዘበኛው ነው፣ ፋብሪካው ተዘግቶ አገሩ የገባ።
ሰርዤላቸዋለሁ። ያንተ ስልክ ይችላል?»
«ማጥፋት ይችላል» አልኩ።
«ማጥፋትማ አይጥም ይችላል!»
አለና ደብተሩን ከደነ። «ስሟ ይታየኝ፤ ዕዳዋ ይቅር።
አይረሴ ብለኸዋል። ዱቤ ግን መርሳትም አለበት፣ ከመቁጠሩ ባሻገር።»

ሦስት ሌሊት ቆፈርኩ።
አንዲት ቁልፍ አከልኩ፣ አረንጓዴ፣ «ይቅር» የምትል፣ ስም የማትነካ፤
ሲጫኗት ቁጥሩ ላይ ቀጭን መስመር ያልፋል፣
ቀስ ብሎ፣ እንደ ሽማግሌ እጅ እየለካ።
(ቀስ ማለቱ ስህተት አይደለም።
ኮዱ ውስጥ ገብቼ ያዘገየሁት እኔ ነኝ።)

ከዚያ ሙዘይን ለዕቁብተኛው ነገረ፣ ዕቁብተኛው ለአማቹ፣
አማቹ በርበሬ ተራ ላሉት ለሦስቱ ጓደኞቹ።
እኔ ወረቀት በነፋስ ዘርቼ ያላበቀልኩትን
«ይቅር የሚል ነገር ሠርቷል፣ ይሄ ልጅ» የሚል ወሬ
አጨደልኝ ምርቱን።
የመጀመሪያዋ ሃምሳ ብር በቴሌብር ስትገባ
ባጃጅ ውስጥ ነበርኩ፣ እንደ ተሳፋሪ፣ ከኋላ። እንባ
አልልም። አቧራ ነበር።

ዛሬ ሠላሳ አንድ ሱቅ ነው። አምስቱ ትተውኝ ሄዱ።
አንዱ በየሌሊቱ ይደውላል፣ የይለፍ ቃሉን ረስቶ።
ኪራዩ ገና አልተሸፈነም።

እኔም አለሁበት፣ በሙዘይን ስልክ፤ ዳቦ፣ እንቁላል፣ ሻማ፣
ሁለት ሺህ መቶ ስድስት። ትናንት መብራት ሲጠፋ በግማሽ አዳማ
ስሜን ከፈተና ጣቱን ወሰደ ወደ አረንጓዴዋ።
ትንፋሼን ያዝኩ።
ከመነጽሩ በላይ አየኝ።
«አንተን ይቅር አልልህም» አለ። «አልሞትክ፣ አልተሰደድክ፤
ትከፍለኛለህ።»
ሁለት ዳቦ ጠቀለለልኝ።
ጻፈው።