የነፋስ ብድር

የሙሉሰው ባጃጅ ባሕር ዳርን ለቃ
ስትከንፍ፣ አውሮፕላን ጥላዋን አጥልቃ
ጣና ላይ አለፈች።

«ኧረ ጋሽ ሙሉሰው፣ ጠጠር እንኳ ሲወድቅ፣
ይህን ሁሉ ብረት ማን ያዘው?» ብጠይቅ፣
አለኝ፦ «እጅ አውጪና ነፋሱን ጠይቂው፤
ዘርጊው፣ የፊት ጫፉን ቀና አርገሽ ጠብቂው።»

ጠበቅሁት። ነፋሱ መዳፌ ላይ መጣ፤
ወደ ታች ብገፋው፣ እጄ ወጣ ወጣ።

«ብድር በምድር ነው፣ ይላል የአገር ሰው፤
አየር ግን ብድሩን ሰማይ ላይ መለሰው።
ክንፍ ቁልቁል ሲገፋው፣ እሱም ክንፍን ወደ ላይ…»
ሳይጨርሰው ቆመ፣ ተሳፋሪ ቢያይ።

ነፋሱ ቀረና፣ እጄ ዱብ ከጭኔ፤
«ለካ ሰማይ ላይ ቆሞ ሰው አይጫንም!» አልሁ እኔ።