መስመሩ ባለበት

አርባ አንድ ዓመት ሙሉ መስታወት ቆርጫለሁ፤
በአልማዝ ጫፍ ጭሬ፣ በጣት ቀጭ አርጌአለሁ።
ከተማዬ ትመስክር፣ ማሪኛ ግራንዴ፤
ስለቱ የነካኝ፣ ያውም በልጅነት፣ አንዴ።

አሁን የምቆርጠው ከአዝራር ያነሰ
ነጭ ክኒን ሆኗል፣
ለዲዮሊንዳ ዳሌ፣ ሌቱን ላለቀሰ።
«ግማሽ ጠዋት» አለኝ ሐኪሙ፣ «ግማሽ ማታ»፤
ግማሽ ማለት ለእኔ የሙያ ጨዋታ።

በፊት እጅህን ታጠብ፤ ከዚያ በደንብ አድርቅ፤
እርጥብ የነካው ክኒን ይሟሟል እንጂ በወጉ አይሰነጠቅ።
የሽንኩርቱን ቢላ ከመሳቢያው ተወው፤
አንዱን ጎን አግዝፎ ሌላውን ሚያደቀው
እሱ ነው።
ከፋርማሲ ግዛ ያንን ትንሽ ሳጥን፣
ክዳኑ ሥር ምላጭ የተገጠመበትን።
የክኒኑን መስመር ከስለቱ ግጠም፣
በአንድ ትንፋሽ ዝጋ፤ ቀጭ ካለ አትድገም።
የሳምንቱን ሁሉ ዛሬ ከፍለህ አትደርድር፤
ግማሽ ክኒን እርቃን ነው፣ አየር ይጠጣል፣ ይፈርሳል ሲያድር።

ብርዱ ሲገባ ግን ሐኪሙ ለወጠ፤
ሮዝና ሞላላ፣ ልስልሱ፣ ከጣቴ ያመለጠ።
ገለባበጥኩት። መስመር የለበትም።
(እኔ እጭርለታለሁ! ይህም አልከበደኝም።)
ሳጥኑ ውስጥ አስተኝቼ ክዳኑን ልጫን ስል፣
ከአልጋዋ ላይ ሆና፦
«አዴሊኖ፣ ጭረት የሌለው መስታወት
ሲሰብሩት ምን ይሆናል?»

ዝም አልኩ።
ታውቀዋለች እኮ። ዐሥራ ዘጠኝ ዓመት የኛን ወለል ጠርጋ፣
የኛን ስባሪ ለቅማ ነው ዳሌዋ የተናጋ።

ካፖርቴን ደረብኩ፤ በጭጋጉ መሃል ወረድኩ ፋርማሲ።
ፊሎሜና መነጽሯን ወደ ግንባሯ ሰቅላ፦
«ይሄ አይከፈልም» አለች፤
«የዐሥራ ሁለት ሰዓት መድኃኒት ቀስ እያለ እንዲወጣ ታጥፎ ተቀምጧል፤
ከሰበርከው ሁሉም ባንዴ ይፈሳል፣
እንቅልፏ ይከብዳል፣ ትንፋሿ ያጥራል።
ደግሞም አነስ ያለ አለው፤ ቆይ ለሐኪሙ ልደውል።»
ደወለች። እኔ የሳል ከረሜላ ዋጋ አነብ ነበር፣
ቀና ብዬ እንዳላያት።

ማታ ሙሉውን፣ ትንሹን፣ በውኃ ዋጠች፤
ወደ ግድግዳው ዞራ ወዲያው አንቀላፋች።
እኔ ትንፋሿን እቆጥራለሁ።
አውራ ጣቴ ግን፣ ሥራ የፈታው፣
በጨለማው ውስጥ ብርድ ልብሱን እየዳበሰ
መስመር ይፈልጋል።